ሰይድ ከሳይክል ወድቆ አያውቅም

ወንድሜ ሰይድ ከሳይክል ወድቆ አያውቅም። ሳይክል ላይ ወጥቶም አያውቅም። ሞጣ ውስጥ ማንንም ብትጠይቁ ግን ሌላ ታሪክ ይነግራችኋል። «ሰይድ ሳይክል? እሱማ ጉድ ነበር! ባሕር ዳር ሳለ ከደረጃ ላይ ሲዘል ነው እግሩ እንዲህ የሆነው» ይሏችኋል። ወንድሜ ባሕር ዳር የከረመው አንድ ክረምት ብቻ ነው፤ እሱንም አጎታችን ሱቅ ውስጥ ጨርቅ ሲያጥፍ ነው ያሳለፈው።

እኔ ራዲያ ነኝ፣ ታላቅ እህቱ። ከአባታችን የተረፈልንን የጨርቃ ጨርቅ ሱቅ የማስኬደው እኔ ነኝ። ምላሷ ስለት አለው ይሉኛል፤ ይበሉ። ሜትር ይዞ ቀኑን ሙሉ ከገበያተኛ ጋር የሚከራከር ሰው ሌላ ምን ምላስ ይኖረዋል? ስለ ወንድሜ እግር ግን ሃያ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ አንድ ቃል አልተናገርኩም።

የእግሩ ነገር እንዲህ ነው። አራት ዓመቱ ላይ ትኩሳት ያዘው። የገበያ ቀን ስለነበር እናታችን ከሱቁ መላወሻ የላትም፤ «ወስደሽ አስወጊው» አለችኝ። ያን ጊዜ በሰፈራችን ሰው በቤቱ እየተቀበለ የሚወጋ አንድ ሰውዬ ነበር። ሐኪም አልነበረም፣ ውትድርና ላይ ሳለ ነው የተማረው ይባላል። እኔ አሥራ አንድ ዓመቴ ነው። ሰይድ መርፌውን ሲያይ መንፈራገጥ ጀመረ። ሰውየው «አጥብቀሽ ያዢው፣ እንዳይነቃነቅ» አለኝ። ጉልበቴ ላይ በሆዱ አስተኝቼ በሁለት እጄ ተጫንኩት። «ልቀቂኝ እታለም፣ ልቀቂኝ» እያለ ይጮሃል። አልለቀቅኩትም። መርፌው ነርቩን አግኝቶት ኖሮ ከዚያ ቀን ወዲህ ቀኝ እግሩ ከቁርጭምጭሚቱ በታች አልታዘዘውም። ባቱ እየቀጠነ፣ የቀኝ ጫማው ጫፉ ላይ ብቻ እያለቀ አደገ።

እናታችን እስክትሞት ድረስ አንድም ቀን አልወቀሰችኝም። ብትወቅሰኝ ይሻለኝ ነበር።

ሰይድ ልጅ ሳለ ከሳይክል ሌላ የሚያወራው ነገር አልነበረውም። ሜዳው አጠገብ ሳይክል የሚያከራይ ሰው ነበር። የሰፈሩ ልጆች ሩብ ሰዓት፣ ግማሽ ሰዓት እየተከራዩ ይነዳሉ። ሰይድ ፔዳል መርገጥ ስለማይችል አከራዩ ሰዓት ያዥ አደረገው። የእጅ ሰዓቱን አውልቆ ይሰጠዋል፣ እሱ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ «ሞልቷል! ውረድ!» እያለ ይጮሃል። ዓመታት እንዲህ አለፉ። ማን እንዴት እንደሚታጠፍ፣ ማን ፍሬን ሲይዝ የኋላ ጎማው እንደሚንሸራተት፣ ማን መሪውን ለቅቆ መሄድ እንደሚችል፣ ሁሉንም ከድንጋዩ ላይ ሆኖ አጠናው። እራት ላይ ሲተነትንልን አባታችን «አንተ ልጅ፣ ቁጭ ብለህ ደከመህ እኮ» እያለ ይስቅበት ነበር። ሰይድ ግን አይስቅም።

ትምህርቱን አሥረኛ ክፍል ላይ ሲያቆም ከእኔ ጋር ሱቅ ለመሥራት ሞከረ። አልተስማማንም። እኔ እቆጣለሁ፣ እሱ ያኮርፋል፤ ደንበኛ መሃላችን ቆሞ ግራ ይጋባል። በመጨረሻ ከሱቁ ጀርባ ያለችውን ክፍል ለቀቅኩለትና ጌም ቤት ከፈተባት። ሁለት ያረጁ ፕሌይስቴሽኖች፣ ሁለት ቴሌቪዥንና ሁለት አግዳሚ ወንበር ነበር ዕቃው። አዲስ አበባ ወርዶ ሲገዛ ሻጩ ከኳሱ ዲስኮች ጋር ማንም የማይፈልገውን አንድ ዲስክ በነጻ ጨመረለት። ሽፋኑ ላይ አንድ ፈረንጅ ከነሳይክሉ አየር ላይ ተገልብጦ ይታያል።

ዲስኩ የሳይክል ትርዒት ጌም ነው። ሰውየው ከደረጃ ላይ ይዘላል፣ ከጣሪያ ወደ ጣሪያ ይሻገራል፣ በብረት አጥር ላይ ይንሸራተታል፣ አየር ላይ ሳለ ሳይክሉን ከሥሩ አሽከርክሮ መልሶ ይቀመጥበታል። ከወደቀ ደግሞ አጥንቱ ሲንኮሻኮሽ ይሰማል፣ ይንከባለላል፣ ከዚያ ጆይስቲኩ ላይ ያለችው የኤክስ ቁልፍ ስትነካ ብድግ ብሎ ይነዳል። ሰይድ ደንበኛ በሌለበት ጠዋት ጠዋት እሷን ብቻ ይጫወታል። በዓመቱ የማይሠራው ዘዴ አልቀረም። ኳስ ሊጫወቱ የመጡ ጎረምሶች ጆይስቲካቸውን አስቀምጠው ከጀርባው ቆመው ያዩታል። እኔ ሱቄ ውስጥ ሆኜ ጩኸታቸውን በግድግዳው በኩል እሰማለሁ፣ ማን ላይ እንደሚጮኹ አውቃለሁ፤ ደስ ይለኝ ነበር። ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ለሌላው ሰዓት ሲይዝ የኖረ ልጅ ነው።

ውሸቱን የጀመረው እሱ አይደለም። አንድ ቀን ከጎረምሶቹ አንዱ «ጋሼ ሰይድ፣ እግርህ ግን ከሳይክል ወድቀህ ነው አይደል?» አለው። እኔ ሻይ ይዤለት በሩ ላይ ቆሜያለሁ። ሰይድ ዞር ብሎ አየኝ። እኔም አየሁት። ከዚያ ወደ ቴሌቪዥኑ ተመለሰና «ተወው፣ የድሮ ነገር ነው» አለ። በሳምንቱ ወሬው ላይ ደረጃ ተጨመረበት፣ በወሩ ባሕር ዳር ተጨመረችበት። ስሙም ሰይድ ሳይክል ሆኖ ቀረ።

ለምን አላረምኩም? መርፌ ነው ያሽመደመደው ከተባለ ማን ወስዶ አስወጋው መባሉ አይቀርማ። ከሳይክል ወደቀ ሲባል ግን ወደ እኔ የሚዞር ዓይን የለም። ለእሱም ደግ የሠራሁ መስሎኝ ነበር። መርፌ ላሰነከለው ሰው ከንፈር ይመጥጡለታል፤ ከሳይክል ለወደቀው ቦታ ይለቁለታል። ወንድሜ ቦታ ሲለቀቅለት ማየት ወደድኩ፣ ዝም አልኩ።

ምንይሉ ወደ ጌም ቤቱ መምጣት የጀመረው ሃያ ዓመቱ ላይ ነው። የቢቸና ልጅ ነው፤ ሞጣ የመጣው በአንድ ብረታ ብረት ቤት በያጅ ሆኖ ተቀጥሮ ነው። ረጅምና ዝምተኛ ነበር፣ ክንዶቹ በብየዳ ብልጭታ ነጠብጣብ ጠባሳ የሞሉ። ከአሮጌ ሳይክሎች ቁርጥራጭና ከሥራ ከተረፈ የበር ብረት እየበየደ የራሱን ሳይክል ሠራ። ወንበሯ ዝቅ ያለ፣ ጎማዋ ወፍራም፣ መልኳ ልክ በጌሙ ላይ እንዳለችው ነው። ክብደቷ ግን የበር ያህል ነበር፤ አንድ ቀን ከመንገድ ገለል ላድርጋት ብዬ ወገቤን ልቆርጠው ነበር።

ሌሎቹ ለጨዋታ ሲመጡ እሱ ለትምህርት ይመጣል። ሰይድ በቴሌቪዥኑ የሠራውን አይቶ ከሥራ ሲወጣ ሜዳው ላይ ይሞክረዋል። ያልሆነለትን ይዞ ተመልሶ ይጠይቃል፤ «ጋሼ ሰይድ፣ የፊት ጎማው ሲነሳ ክብደቴን የት ላድርግ?» ይላል። ሰይድ ይነግረዋል። መልሱ ብዙ ጊዜ ትክክል ነበር፣ ጉዱም ይኸው ነው። ከድንጋዩ ላይ ሆኖ ያየውንና ጣቶቹ የለመዱትን አቀላቅሎ ይነግረዋል፣ ልጁ ያደርገዋል፣ ይሳካለታል። አንድ እሑድ ምንይሉ በኋላ ጎማ ብቻ ሜዳውን ከዳር እስከ ዳር ሲሄድ ወንድሜ አለቀሰ። አቧራ ገባብኝ አለ። ክረምት ነበር፣ ምን አቧራ አለ?

ጥቅምት ላይ ምንይሉ ቦዩን እዘላለሁ አለ። ከአስፋልቱ ጎን የተቆፈረ፣ ጠርዙ በሲሚንቶ የተለሰነ ሰፊ ቦይ ነው። ጓደኞቹ ከሕንፃ ሥራ የተረፈ ጣውላ አምጥተው በድንጋይ አስደግፈው መንደርደሪያ ሠሩለት። ሰይድን ለዳኝነት ጠሩት፤ በእነሱ ዘንድ ሳይክልን በሚመለከት የመጨረሻው ቃል የእሱ ነው። እኔም ሱቄን ዘግቼ ሄድኩ፣ ወንድሜ ከሰው ፊት ዳኛ ሆኖ ሲቆም ለማየት።

ምንይሉ ጣውላውን በእግሩ ጫን ጫን እያደረገ ሞከረው። «ጋሼ ሰይድ» አለ፣ «ይተጣጠፋል። ጫፉ ላይ ስደርስ መሪውን ልሳበው ወይስ ልተወው?»

ሁሉም ወደ ወንድሜ ዞረ። እኔ እጆቹን አየሁ። አውራ ጣቶቹ ጆይስቲክ እንደያዘ ሰው ባዶ አየር ላይ ይንቀሳቀሳሉ። ያን ጊዜ «አያውቅም እኮ!» ብዬ ብጮህ ኖሮ እላለሁ፣ ዛሬም እላለሁ። አልጮህኩም።

«ሳበው» አለ ሰይድ። «ጫፉ ላይ ስትደርስ በሙሉ ክብደትህ ወደ ኋላ ሳበው። አየር ላይ ራሱ ይስተካከላል።»

በጌሙ ላይ ራሱ ይስተካከላል። ከበር ብረት የተበየደች ሳይክል ግን አትስተካከልም። ጣውላው አጎነበሰና መልሶ ወረወረው። ምንይሉ እንደተነገረው በሙሉ ክብደቱ ሳበ። የፊት ጎማው ሽቅብ ሄደ፣ መቆም አቅቶት ሄደ፣ ልጁ በጀርባው ተገለበጠ። ወገቡ የቦዩ ጠርዝ ላይ አረፈ፤ ሳይክሏ ከላዩ ወደቀችበት። ከዚያ ከመሃል አንዱ «ተነስ እንጂ! ኤክስ ንኩለት!» አለና ሳቀ፣ ሌሎቹም ሳቁ። በጌም ቤቱ ሁልጊዜ የሚባል ቀልድ ነው። ምንይሉም አብሮ ለመሳቅ ሞከረ። እግሮቹን ግን ማንቀሳቀስ አልቻለም።

ባሕር ዳር ወሰዱት። እናቱ እትዬ ይርጋነሽ ከቢቸና ደረሱ። ባላቸው የሞቱባቸው፣ ገበያ ላይ ጌሾና ቅመም የሚሸጡ፣ ከዚህ ልጅ ሌላ ማንም የሌላቸው ሴት ናቸው። ሰይድ በስድስተኛው ቀን ሄደ። ሲነሳ ለእኔ የነገረኝ እውነቱን እናገራለሁ፣ እግራቸው ላይ እወድቃለሁ ብሎ ነው። የሆነው ግን ሌላ ነው። ምንይሉ ስድስት ቀን እህል በአፉ አላስገባም ነበር። ወንድሜ እያነከሰ ሲገባ ሲያየው ከትራሱ ቀና ለማለት ሞከረ።

«ጋሼ ሰይድ» አለው፣ «አንተ ከወደቅክ በኋላ ለመሄድ ስንት ጊዜ ፈጀብህ?»

«ዘጠኝ ወር» አለው ወንድሜ።

ከየት እንዳመጣው እስከ ዛሬ አያውቅም። ምንይሉ ያን ቀን በላ። እናቱ የሰይድን ሁለት እጅ ይዘው ሳሙ። ወንድሜ ሞጣ ሲመለስ ምግብ አልቀምስም ብሎ ሁለት ቀን ተኛ።

ምንይሉን ወደ ቢቸና፣ ወደ እናቱ ቤት ወሰዱት። ከአልጋው ራስጌ የቤተ ክርስቲያን የቀን መቁጠሪያ ተሰቀለ፣ ሐምሌ ላይ በቀይ እስክሪብቶ ክብ ተደረገበት። ያለፈው ወር ሁሉ በኤክስ ይሰረዛል። እናትየው ልጃቸው በእግሩ ከቆመ ብለው ለጊዮርጊስ ጃንጥላ ተሳሉ። ሰይድ ጌም ቤቱን ዘጋ። አንዱን ፕሌይስቴሽንና አንዱን ቴሌቪዥን ጭኖ ወስዶ ከምንይሉ አልጋ ግርጌ ተከለለት። መንገድ ክፍት በሆነበት ሳምንት ሁሉ፣ ቅዳሜ ጠዋት በደብረ ወርቅ በኩል ቢቸና ይሄዳል፣ ከሰዓት ይመለሳል። ሚያዝያ ላይ ዝናብ ደብድቦት ገብቶ እትዬ ይርጋነሽ ሱሪውን ወደ ላይ አስጠቅልለው፣ ከአልጋው አጠገብ አስቀምጠው እግሩን በሙቅ ውኃ አጠቡለት። ያን ማታውኑ ነገረኝ።

አብሬው ስሄድ ያየሁት አንድ ነገር አለ። ምንይሉ የሳይክሉን ጌም ይጫወታል፣ ዘዴ ግን አይሠራም። ሰውየውን እየነዳ ከፍ ካለ ቦታ ሆን ብሎ ይወረውረዋል። ሰውየው ይንከባለላል፣ አጥንቱ ይንኮሻኮሻል። ምንይሉ ኤክሷን ይነካል፣ ሰውየው ይነሳል። እንደገና ይወረውረዋል። ሲነሳ መጀመሪያ እግሩ እንዴት እንደሚታጠፍ፣ በየትኛው እጁ እንደሚደገፍ ጠጋ ብሎ ያያል። ሰይድ ዲስኩን ልውሰደው ቢለው እምቢ አለ።

«ንገረው» አልኩት ወንድሜን፣ ግንቦት ላይ። «ሐምሌ ሲደርስ ምን ልትለው ነው?»

«አንቺ መጀመሪያ ለሞጣ ንገሪ» አለኝ።

ሜትሬን አንስቼ ወደ ገበያተኛዬ ዞርኩ።

ሐምሌ ገባ። ክብ የተደረገበት ቅዳሜ አብሬው ሄድኩ። ሚኒባስ ውስጥ «ዛሬ እነግረዋለሁ። ቢገድለኝም ይግደለኝ» አለ። ፊቱ ከነጋ ጀምሮ አመድ መስሏል። ዝናቡ ደብረ ወርቅን አልፈን ቢቸና እስክንገባ አላባራም።

እትዬ ይርጋነሽ በር ላይ ነበር የሚጠብቁን። ወደ ውስጥ አላስገቡንም፤ ከጣሪያው ክፈፍ ሥር አቆሙንና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ሰይድ ልጄ» አሉ፣ «አንድ ነገር ልንገርህ። ሐኪሞቹ ባሕር ዳር ገና በሁለተኛው ቀን ነግረውኛል። አይቆምም ብለውኛል። ጅማቱ ተቆርጧል አሉኝ። እኔ ለእሱ አልነገርኩትም። አንተ መጥተህ ዘጠኝ ወር ስትለው፣ ሐኪም ምን ያውቃል፣ ይኸው ወድቆ የተነሳ ሰው መጣ ብዬ አንተን አመንኩ። ዛሬ ዘጠኙ ሞላ። ከጠዋት ጀምሮ ጣቱን ሊያንቀሳቅስ ሲታገል ነው የዋለው። አንተስ እንዴት ነበርክ? መጨረሻ ላይ እንዲህ ድንገት ነው የሚመጣው?»

ሰይድ ጭቃው ላይ ተንበረከከ። «እማማ ይርጋነሽ፣ እኔ ከሳይክል ወድቄ አላውቅም። እግሬን በልጅነቴ መርፌ ነው የመታኝ። ሳይክል ነድቼም አላውቅም» አለ።

«ታዲያ ልጄን ማን አስተማረው?»

«እኔ።»

አልጮሁም። እንዲጮሁ ፈልጌ ነበር፤ ቢጮሁ እኔም «የወንድሜ ብቻ አይደለም፣ የእኔም ነው» የምል መስሎኝ ነበር። የበሩን መቃን ያዙ። ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ፣ አወረዱ። ከዚያ «ተነስ» አሉት። «ይህን ለእሱ ትነግረውና በእጅህ ትገድለዋለህ። እንጀራ የሚቀምሰው አንተን አይቶ ነው። ግባና ወር ጨምርለት።»

«እማማ፣ እንዴት ብዬ…»

«ያመጣኸው አንተ ነህ! ግባና ጨምርለት። መቼም አትቆምም ከምትለው፣ ዘግይተህ ትቆማለህ በለው። እኔ ሽሮ ላወጣ ነው።» ወደ ማድ ቤት ሄዱ። ሙስሊም ስለሆንን ሥጋቸውን አንበላምና፣ ለእኛ ሲሉ ሁልጊዜ የሚሠሩት ሽሮ ነው።

ገባን። ምንይሉ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጧል፤ እንዴት እንደተቀመጠ አላህ ይወቀው። እግሮቹ እንደተሰቀለ ሱሪ ተንጠልጥለዋል። «ያዙኝ» አለን። በብብቱ ገብተን ያዝነው፣ አነሳነው። ምን ያህል እንደቀለለ ያን ጊዜ አወቅኩ፤ ያ ረጅም ልጅ የአንድ ጣቃ ጨርቅ ያህል ነው የቀረው። እግሮቹ መሬቱን ነኩ፣ ታጠፉ፣ ቆዩ፣ ምንም አልሆኑም። ላቡ አንገቴ ላይ ይንጠባጠባል። «ይበቃል» አለ፣ አስተኛነው።

ሰይድ ጉሮሮውን ጠረገ። ወር ሊጨምር እንደሆነ ገባኝ። ምንይሉ ቀደመው።

«እኔ በያጅ ነኝ» አለ። «የተሰበረ ነገር እንደ ምንም ቢጠገን ምልክቱን አያጣም። ሚያዝያ ላይ እናቴ ስታጥብህ እግርህን አየሁት። ጠባሳ የለውም፣ አጥንቱ ቀጥ ያለ ነው። ቀጭን ነው እንጂ ተሰብሮ አያውቅም። አንተ ወድቀህ አታውቅም አይደል?»

«አላውቅም» አለ ሰይድ። «የልጅነት መርፌ ነው።»

«ነድተህስ ታውቃለህ?»

«አላውቅም።»

«ሳበው ያልከኝ ታዲያ ከጌሙ ነው?»

ሰይድ ራሱን በአዎንታ ነቀነቀ። ቴሌቪዥኑ ላይ ያ ሳይክለኛ ቆሞ ይጠብቃል፤ በየጥቂቱ አንገቱን ያዞራል። ምንይሉ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ይቅር ብዬሃለሁ ይለው ይሆን ብዬ ጠበቅኩ። አላለም። እስከ ዛሬም አላለም።

«እናቴ ይህን አታውቅም» አለ በመጨረሻ፣ ከግድግዳው ሳይዞር። «ወሩን ስትቆጥር ነው የምታድረው። ጃንጥላውን ገዝታ ቁም ሣጥን ውስጥ አስቀምጣዋለች። ይሄ ከቀረባት ትሞትብኛለች። ስትገባ ወር ጨምርላት። መምጣትህንም እንዳታቋርጥ። ደግሞ ሁልጊዜ እንዲህ እያነከስክ አትምጣ፤ እየተሻለህ የምትሄድ ምሰል። አንተን ስታይ እኔንም ተስፋ ታደርጋለች።»

እትዬ ይርጋነሽ ትሪውን ይዘው ገቡ። አፌን ከፈትኩ። የሚያስፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ «ሁለታችሁም ታውቃላችሁ» ማለት። ሁለቱንም አየሁ። እሳቸው እንዳልናገር በዓይናቸው ይለምኑኛል፣ እሱ በዓይኑ ይለምነኛል። አንዳቸው የሌላውን ልመና አያዩም። አፌን ዘጋሁ።

«ዘጠኝ ወር ያልኩት ተሳስቼ ነው» አለ ወንድሜ፣ ዓይኑን ትሪው ላይ አድርጎ። «ዘጠኝ ወር ለመቀመጥ ነው የፈጀብኝ። ለመሄድ ዓመት ከስድስት ወር ነው።»

«ታዲያ ምን አላት» አሉ እናትየው፣ ልጃቸውን እያዩ። «ይኸው ተቀምጦ የለም? ደረሰች በላት።»

«ደረሰች» አለ ምንይሉ፣ እናቱን እያየ። ፈገግ አለላቸው፣ ፈገግ አሉለት። እስክሪብቶ ጠየቀ። ከሐምሌ ተነስቶ ሲቆጥር ሚያዝያ ላይ ወደቀ፤ የዘንድሮው ቀን መቁጠሪያ እስከዚያ አይደርስም። «እንቁጣጣሽ ላይ አዲስ እገዛለሁ» አሉ እትዬ ይርጋነሽ። ሽሮውን ቀረብን። ምንይሉ በላ፣ እናቱ መብላቱን አዩ፣ እሳቸውም በሉ። እኔና ወንድሜም ጎረስን።

ሚኒባሱ ደብረ ወርቅ ደረሰ። እዚያ ሰው ሲወርድ ሰይድ «ለማንኛቸው ልንገር?» አለኝ። «ለምንይሉ ከነገርኩት፣ እናቱ እንደሚያውቁ ሲያውቅ የሚይዘው አይኖርም፤ ለእሳቸው ከነገርኩም እንዲሁ ነው» አለ። ሁለቱም የሚበሉት አንዱ ለሌላው ሲል ነው። ሞጣ እስክንገባ ዝናቡን በመስኮት አየሁ።

ይህን ጽሑፍ ማን እንደሚያነበው አላውቅም፤ ቢቸና እንዳይደርስ ግን እፈራለሁ። ምንይሉ ጀርባው ላይ ያወጣው የመኝታ ቁስል እየሰፋ መሆኑን በዚህ ሰሞን ሰማን። ያየው ሐኪም ለሚያዝያ መድረሱን እንጃ ብሏል። ቀን መቁጠሪያው ግን ተገዝቷል፣ ክቡም ተደርጎበታል።

ወንድሜ አሁን ዓርብ ዓርብ ከጁምዓ ሲመለስ ወደ ጓሮ ይወጣል። በማግስቱ ቢቸና ነው። ግድግዳውን ሳይነካ፣ የቀኝ እግሩን ጫፍ ከመሬት ለማላቀቅ ከወገቡ እየጎተተ፣ ሳያነክስ መሄድ ይለማመዳል። እናትየው እውነቱን እንደሚያውቁ፣ አነከሰ አላነከሰ ለእሳቸው ምንም እንደማያመጣ ያውቃል። ቢሆንም ምንይሉ ከእሱ የጠየቀው ይህንኑ ነው። አራት አምስት እርምጃ ቀጥ ብሎ ይሄዳል፣ ከዚያ ያ እግር ይታጠፍበትና ይወድቃል። እኔ ከሱቁ ወጥቼ ሮጬ ክንዱን አጥብቄ እይዘዋለሁ። ቀና ብሎ ያየኛል።

«ልቀቂኝ እታለም» ይለኛል። «ልቀቂኝ።»

እለቀዋለሁ። ከመሬት እስኪነሳ ቆሜ አየዋለሁ።